የአባቴ ጋቢና የእንዶድ አረፋ

ታሪክ ሲባል ወደ አእምሯችን ቀድሞ የሚመጣው የነገሥታት ዘውድ፣ የጦር ሜዳና የአዋጅ ነጋሪት ነው። ንጉሡ የለበሰው ካባ ይጻፋል፤ ካባውን ያጠበው እጅ ግን አይጻፍም። እኔም ስለ ልብስ እጥበት ታሪክ ማሰብ የጀመርሁት ከመጽሐፍ ተነሥቼ ሳይሆን፣ በገዛ እጄ ካበላሸሁት አንድ ጋቢ ተነሥቼ ነው።

አባቴ ካረፈ በኋላ ከመካነ ሰላም ወደ አዲስ አበባ ይዤው የመጣሁት ቅርስ ይህ ጋቢ ነበር። ድሩንም ማጉንም እናቴ ፈትላዋለች፤ ጥለቱ ቀይ ነው። አንድ እሑድ ያለ ብዙ ሐሳብ ከልብስ ማጠቢያ ማሽን ከተትሁት፤ ውኃውንም እጅግ ሙቅ አደረግሁት። አብረውት ደግሞ ውጭ አገር የምትኖር እኅቴ የላከችልኝን ሦስት ሰማያዊ የማይክሮፋይበር ፎጣዎች ጨመርሁ። ሲወጣ ጋቢው ተኮማትሯል፤ የጥለቱ ቀይ ወደ ነጩ ፈስሷል። ፎጣዎቹም የጋቢውን ብናኝ ጥጥ ለቅመው እንደ ጎፈረ ጠጉር ነጭ ለብሰዋል። ለእናቴ ስልክ ደውዬ ስነግራት ዝም አለች። ቆይታም «ልጄ፣ ጋቢ በፍል ውኃ ይታጠባል? እንዶድ አጣህ?» አለችኝ። ይህች ጽሑፍ የዚያች ጥያቄ ልጅ ናት።

መካነ ሰላም የቦረና ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ከደሴ ወደ ምዕራብ ተጉዞ፣ የለጋምቦን ብርዳም ደጋ አቋርጦ ይደረስባታል። ከባሕር ወለል ከ2,500 ሜትር በላይ ከፍ ብላ የተቀመጠች ስትሆን፣ በስተ ሰሜኗ ሳይንት፣ በስተ ምዕራቧ የዓባይ ሸለቆ አለ። ከደጋው አናት እስከ ሸለቆው ግርጌ ያለው ቁልቁለት ሁለት የአየር ጠባይ ብቻ ሳይሆን ሁለት ዓይነት ልብስም ያገናኛል፤ ከቆላው ጥጥ ይወጣል፣ ከደጋው የበግ ጠጉር ይወርዳል። ጥጡ ተዳምጦ፣ ተነድፎና ተፈትሎ ነጠላ፣ ኩታ፣ ጋቢና ቡሉኮ ይሆናል። የበጉ ጠጉር ደግሞ ባናና ዝተት ይሆናል። ወንዱ በትከሻው ጣል የሚያደርጋት ፎጣም አለች፤ የፎጣ ስም ከዐረብኛ የመጣ ነው፣ ወሎ ግን የራሱ አድርጓታል።

ሁለቱ ልብሶች በአንድ ሕግ አይታጠቡም። የበግ ጠጉር በአጉሊ መነጽር ሲታይ እንደ ዓሣ ቅርፊት የተደራረበ ቅርፊት አለው። በሙቅ ውኃ ተነክሮ ሲታሽ ቅርፊቱ እርስ በርሱ ይቆላለፋል፤ ልብሱም ይጠብቃል፣ ያጥራል፣ ይደድራል። ስለዚህ ባና ያለው ሰው ማራገፍን፣ ለፀሐይ መስጠትንና አልፎ አልፎ በቀዝቃዛ ውኃ በለሆሳስ ማጠብን ይመርጣል። ጥጥ ግን ሲረጥብ ጥንካሬው ይጨምራል እንጂ አይቀንስም፤ ስለዚህ እርግጫንም ይችላል። የአያቶቻችንም አስተጣጠብ የተመሠረተው በዚሁ ላይ ነው።

እንዶድ ሳይንሱ ፋይቶላካ ዶዴካንድራ የሚለው፣ ሐረግ መሰል ቁጥቋጦ ነው። ከ1,500 እስከ 3,000 ሜትር ባለው ከፍታ በአጥር ጥግ፣ በገደል አፋፍና በጫካ ዳር ይበቅላል። ወንዱና ሴቷ ተክል የተለያዩ ናቸው፤ ዘለላ የምትሰጠው ሴቷ ናት። ፍሬዋ ሳይቀላ በእንጭጩ ተለቅሞ በፀሐይ ይደርቅና ይወቀጣል። ዱቄቱ ውኃ ሲነካው አረፋ ይደፍቃል፤ በውስጡ ሳፖኒን የሚባል ንጥረ ነገር አለና። የሳፖኒን ቅንጣት አንደኛው ጫፍ ውኃን፣ ሌላው ጫፍ ቅባትን ይወዳል። በቅባት ወገኑ እድፉን ይይዝና በውኃ ወገኑ እየጎተተ ይዞት ይሄዳል። የፋብሪካ ሳሙናም የሚሠራው በዚሁ ጥበብ ነው።

በልጅነቴ ያየሁት እጥበት እንዲህ ነበር። ከወንዙ ዳር በብዙ እግር የለሰለሰ ጠፍጣፋ ድንጋይ አለ። አያቴ ጋቢውን በእንዶድ ውኃ ይነክረዋል፤ ትንሽ ያሳድረውና ሱሪውን ሰብስቦ በእግሩ ይረግጠዋል። ይገለብጠዋል፣ ደግሞ ይረግጠዋል፤ በወራጅ ውኃ አለቅልቆ ከጎረቤት ጋር ጫፍና ጫፍ ይዞ ይጠመዝዘዋል። በመጨረሻም በለምለም ሣር ላይ ዘርግቶ ለፀሐይ ይሰጠዋል። በእጥበቱ ላይ ሴት አልነበረችም። ዛሬ ልብስ አጠባን የሴት ሥራ ብቻ አድርጎ የሚያስብ ትውልድ ይገርመው ይሆናል፤ በብዙው የአማራ ደጋ ግን ልብስ ማጠብና መስፋት የወንድ፣ መፍተል የሴት ሥራ ነበር። ሴቷ ወራት የደከመችበትን ፈትል ወንዱ በእግሩ ያነጣዋል። በሌላው የአገራችን ክፍል ደግሞ ወንዝ ዳር የምትገኘው አጣቢ ሴት ነበረች፤ ከእነዚህ ሴቶች የተነሣም የእንዶድ ስም ባሕር ተሻግሯል።

እ.ኤ.አ. በ1964 ወጣቱ ተመራማሪ አክሊሉ ለማ በዐድዋ የቢልሃርዝያን በሽታ ሲያጠና ከአንድ ወንዝ ዳር ቆመ። ቢልሃርዝያ ከሰው ወደ ሰው የሚሻገረው በውኃ ቀንድ አውጣ አማካይነት ነው። አክሊሉ ያስተዋለው ነገር ለተመልካች ሁሉ ክፍት ነበር፤ ሴቶቹ በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ በታች የሞቱ ቀንድ አውጣዎች ይንሳፈፋሉ፤ ከማጠቢያው በላይ ግን በሕይወት አሉ። ከአጣቢዎቹ አንዷ የእንዶዱን እጣቢ ሕያው ቀንድ አውጣ ባለበት ዕቃ እንድትጨምርለት ለመነ። ቀንድ አውጣዎቹ ሞቱ። ልብስ የሚያነጻው ሳፖኒን ቀንድ አውጣም ይገድላል ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ በዐድዋ አምስት ዓመት የፈጀ ሙከራ ተካሄደ። በከተማው የበሽታው ስርጭት ከ63 ወደ 33 በመቶ፣ በትናንሽ ሕፃናት ዘንድ ደግሞ ከ50 ወደ 7 በመቶ ወረደ። የሥራ ባልደረባው ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ከብዙ የእንዶድ ዝርያዎች መካከል የተሻለውን፣ ዓይነት 44 የተባለውን መርጦ አወጣ። ከፍሬው የተገኘው ገዳይ ንጥረ ነገርም በአክሊሉ አባት ስም «ለማቶክሲን» ተባለ። ይሁን እንጂ በአፍሪቃ ቤተ ሙከራ የተሠራ ሥራ በዓለም አቀፍ ተቋማት ዘንድ በቀላሉ አልታመነም፤ የደኅንነቱ ምርመራ በበለጸጉት አገሮች ቤተ ሙከራ ይደገም በሚል ብዙ ዓመታት አለፉ። እ.ኤ.አ. በ1989 ሁለቱ ሊቃውንት «አማራጭ ኖቤል» የሚባለውን የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት ተቀበሉ። ከዚያም በአሜሪካ የቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ የሐይቅ ቧንቧ የሚደፍነውን ዜብራ ማስል የተባለ ባለ ዛጎል የውኃ እንስሳ በእንዶድ ለመግደል የፈጠራ ባለቤትነት መብት አወጣ፤ የአገር እውቀት የማን ነው የሚል ብርቱ ክርክርም ተነሣ። አክሊሉ እ.ኤ.አ. በ1997 ዐረፈ። ዛሬ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ እርሱ የመሠረተው የፓቶባዮሎጂ ተቋም በስሙ ይጠራል።

ይህን ሁሉ ሳነብ የቆጨኝ፣ የእኛን የወንዝ ዳር እውቀት ባዕዳን መጠራጠራቸው ብቻ አይደለም። እኛም ተጠራጥረነዋል። የቁራጭ ሳሙና፣ ኋላም የዱቄት ሳሙና ሲመጣ እንዶድ የድኻ ነገር ሆነ። «ኦሞ» የአንድ ምርት መጠሪያ ሳለ የዱቄት ሳሙና ሁሉ ስም ለመሆን በቃ። በረኪናም ተከተለ፤ ነጠላን በአንድ ቀን የሚያነጣ፣ በጥቂት ዓመታት ደግሞ ክሩን የሚበላ። በእርግጥ አዲሱ ነገር ሁሉ ክፉ ነው አልልም። እንዶድ መርዝነት አለው፤ ዓሣ ይፈጃል፣ ቢጠጣም ሰውን ይጎዳል፣ ሲወቀጥ ዱቄቱ አፍንጫና ዓይን ያቃጥላል። ሳሙና ለብዙ እናቶች እፎይታ ነው። የሚያሳዝነው መለወጣችን ሳይሆን፣ ስንለውጥ የጣልነው ምን እንደ ነበር ሳንጠይቅ መጣላችን ነው።

ወደ እኅቴ ፎጣዎች ልመለስ። ማይክሮፋይበር የነዳጅ ዘይት ልጅ ነው። እ.ኤ.አ. በ1970 በጃፓኑ ቶሬይ ኩባንያ ሚዮሺ ኦካሞቶ የተባለ ባለሙያ እጅግ የቀጠነ ሰው ሠራሽ ክር የማውጣት ዘዴ አገኘ። 9,000 ሜትር ርዝመት ያለው የዚህ ዓይነት ክር አንድ ግራም እንኳ አይመዝንም። የቤት ማጽጃው ፎጣ ብዙ ጊዜ ከፖሊስተርና ከፖሊአማይድ ይሠራል፤ ክሩ በርዝመቱ ተሰነጣጥቆ ጠርዛማ ይሆናል፤ ውኃውንና አቧራውን የሚይዘው በእነዚያ ስንጥቆች ነው። አያያዙም ከዚሁ ይከተላል። ከጥጥ ልብስ ጋር አይታጠብም፤ የጥጥ ብናኝ በስንጥቁ ይቀረቀራልና። የልብስ ማለስለሻ አይጨመርበትም፤ ማለስለሻ ክሩን ቀብቶ ስንጥቁን ይደፍነዋል። በረኪና ክሩን ይጎዳል፤ ብርቱ ሙቀትም የክሩን ጫፍ ያቀልጣል። ለብ ባለ ውኃ፣ በጥቂት ሳሙና፣ ለብቻው በሳፋ አጥቦ፣ ደጋግሞ አለቅልቆ በጥላ ማስጣት ይበቃዋል። ባለ ቀለም ከሆነ የመጀመሪያው እጥበት ከሌላ ልብስ ይለይ።

እናቴ ይህን ስነግራት «ታዲያ እንደ ጋቢው ነው» አለችኝ። ልክ ናት። ልብስን መንከባከብ ማለት ከምን እንደ ተሠራ ማወቅ ማለት ነው፤ ባናን ያወቀ ከፍል ውኃ ይጠብቀዋል፣ ጥለትን ያወቀ ከነጩ ጋር አይነክረውም።

አንድ ነገር ግን ጋቢውና ፎጣው ይለያሉ። እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ ጥናት አንድ ሰው ሠራሽ ልብስ በአንድ እጥበት ከ1,900 በላይ ብናኝ ክር ወደ ውኃ ሊለቅ እንደሚችል አሳይቷል። ከጋቢ የሚረግፈው ጥጥ በአፈር ውስጥ ይበሰብሳል፤ ከፎጣው የሚረግፈው ፕላስቲክ ግን ዘመን ይሻገራል። የቦረናና የሳይንት ወንዞች ሁሉ መውረጃቸው ዓባይ ነው። ጥንት ከአያቴ ድንጋይ በታች የወረደው የእንዶድ አረፋ ጥቂት ተጉዞ ይከስም ነበር፤ ዛሬ ከሳፋችን የምንደፋው እጣቢ ግን እስከ ወዲያኛው ባሕር ይሄዳል። ስለዚህ ፎጣውን በጥንቃቄና እምብዛም ሳያበዙ ማጠብ፣ ቶሎ እንዳይጣልም ረጅም ዕድሜ መስጠት፣ ለታችኛው ተፋሰስ ሰው የሚደረግ ጨዋነት ነው።

በመጨረሻ ያደረግሁትን ልንገራችሁ። ፎጣዎቹን ለብ ባለ ውኃ ነክሬ፣ ጥጡን በእጄ አንድ በአንድ ለቀምሁ፤ ሁለት ማታ ፈጀብኝ። ከገበያ ደረቅ እንዶድ ገዛሁ፤ አፍንጫዬን ሸፍኜ ወቀጥሁ። ጋቢውን በቀዝቃዛ ውኃ ነክሬ፣ ከሳፋው ገብቼ በባዶ እግሬ ረገጥሁት። መጀመሪያ ሳቄ መጣ፤ ከዚያ ግን የአያቴ እግር ትዝ አለኝ፣ ዝም ብዬ ረገጥሁ። ከነጩ ላይ የሰፈረው ቀይ ደበዘዘ እንጂ አልለቀቀም፤ የተኮማተረውም ወደ ቀድሞ ስፋቱ አልተመለሰም። ድሩ ግን ለሰለሰ፤ ሲደርቅም የወንዝ ዳር ሣር የሸተተ መሰለኝ።

አሁን ጋቢው ለእኔ ያጥራል። ለልጄ ግን ይበቃዋል። ባለፈው ሳምንት ሲለብሰው ነጩ ላይ ያለው ቀይ ምን እንደ ሆነ ጠየቀኝ። የእኔ ጥፋት ነው አልሁትና፣ እንዶድ እንዴት እንደሚወቀጥ አሳየሁት።