ማርዮ ካሜሪኒና ልሳን የተነፈጋት አፍሪቃ

ማርዮ ካሜሪኒ በ1895 (የኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው ካልተባለ በቀር በዚህ ጽሑፍ ዓመታቱ ሁሉ የአውሮፓ ናቸው) በሮማ ተወልዶ፣ የሲኒማን ጥበብ ከዘመዱ ከአውጉስቶ ጄኒና ዘንድ ቀስሞ፣ በ1923 የመጀመሪያውን ፊልሙን ሲያዘጋጅ፣ የኢጣልያ ሲኒማ ገና አንደበቱ አልተፈታም ነበር፤ ተዋናዩ በፊቱና በእጁ ይናገራል፣ የቀረውን በሥዕሎቹ መካከል የሚገባው ጽሑፍ ይሞላዋል።

በ1926 ካሜሪኒ «ማቺስቴ በሼኩ ላይ» የተሰኘውን ፊልም ሲመራ፣ ዋናው ተዋናይ ቀድሞ በጄኖቫ ወደብ የጉልበት ሠራተኛ የነበረው ባርቶሎሜዎ ፓጋኖ ነበር። ፓጋኖ በ1914 በጆቫኒ ፓስትሮኔ ፊልም በ«ካቢሪያ» ውስጥ ማቺስቴ የተባለውን አፍሪቃዊ ባሪያ የተጫወተው ገላውን ጥቁር ቀለም ተቀብቶ ሲሆን፣ ሕዝቡ ከወደደው በኋላ ግን ቀለሙ ታጥቦ፣ ማቺስቴ ነጭ ኢጣልያዊ ሆኖ በብዙ ፊልሞች ዘለቀ። ጥቁሩ ሰው የራሱን ገጽ ይዞ እንኳ አልተጠራም፤ ለእኔ የነገሩ ሥር ይህ ነው።

«ኪፍ ቴቢ» (1928) በሊብያ ምድር ተቀርጾ ኢጣልያ ሊብያን የወረረችበትን የ1911 ጦርነት ሲተርክ፣ በአውሮፓ የተማረ የሊብያ ወጣት ወደ ኢጣልያ እንዲያዘነብል ያደርገዋል። አሸዋው እውነተኛ ነው፤ የወጣቱ ልብ ግን የደራሲው ፈቃድ ነው። ይኸው ሰው በቀጣዩ ዓመት በሠራው «ሐዲድ» (1929) ሁለት ችግረኛ ወጣቶችን፣ ወድቆ ባገኙት ገንዘብ ከቁማር ቤት ገብተው በመጨረሻ ወደ ሥራ እስኪመለሱ፣ እንዴት ባለ ርኅራኄ እንደ ተከተላቸው ያየ ሁሉ፣ ችሎታውም ምሕረቱም እንዳልጎደለው ይመሰክራል፤ ለወገኑ ድኻ ያልነፈገውን ለአፍሪቃዊው ነፈገው እንጂ።

በ1930 የኢጣልያ ሲኒማ መናገር ጀመረ። በ1936 ካሜሪኒ ከማርዮ ሶልዳቲ ጋር ጽፎ፣ ካሚሎ ፒሎቶ የተጫወተበትን «ታላቁ ጥሪ» አወጣ፤ በጅቡቲ ሆቴል ያለው ኢጣልያዊ ለኢትዮጵያውያን መሣሪያ እየሸጠ ይኖርና፣ ያ መሣሪያ የገዛ ልጁን ባቈሰለ ጊዜ ተጸጽቶ ለአገሩ ይሞታል። በሆቴሉ የአውሮፓ ልሳናት ይደባለቃሉ፤ ጸጸቱም፣ ንስሓውም፣ ሞቱም የኢጣልያዊው ብቻ ነው። መሣሪያውን የገዛው ኢትዮጵያዊ ስለ ምን እንደሚዋጋ የሚጠይቀው የለም፤ ዘመነ ዝምታ ለእርሱ አላበቃም።

በዚያው ዓመት፣ በሐምሌ 1928 ዓ.ም. በእኛ አቆጣጠር፣ ከሰላሌ የመጣው የደጃዝማች አበራ ካሣ ጦር በጉለሌ አቅጣጫ ኢጣልያኖች ወደ ያዟት አዲስ አበባ ሲዘልቅ፣ ብፁዕ አቡነ ጴጥሮስም ሐምሌ 22 ቀን በጥይት ሲገደሉ፣ የትግላቸውን ምክንያት በቃልም በደምም ተናግረዋል። ስለዚህ «ታላቁ ጥሪ» በአዲስ አበባ ለሚማሩ የሲኒማ ተማሪዎች፣ ከዚያ ዘመን አርበኞች ቃል ጋር ጎን ለጎን ቀርቦ እንዲጠና እማልዳለሁ፤ ካሜሪኒ በ1954 «ኡሊሴ»ን ሠርቶ በ1981 እስኪሞት የተከበረ አዘጋጅ ሆኖ ኖሯልና፣ ፊልሙን መመርመር የእኛ ፈንታ ነው።