ከመንኮራኩር እስከ ቸርኬ፤ የተሽከርካሪ እግር ስያሜዎች ታሪክና የቅያሪ አመራረጥ

መግቢያ

ከጥቂት ዓመታት በፊት ስለ ተሽከርካሪ አያያዝ የተተረጐመ አንድ መምሪያ ለእርማት ቀርቦልን ነበር። በውስጡ ከነበሩት ዓረፍተ ነገሮች አንዱ «ቅያሪ ጎማ ሲገጠም የጎማው ልክ ከነባሩ ጎማ ልክ ጋር አንድ መሆኑና ለጎማውም የሚስማማ መሆኑ ይረጋገጥ» ይላል። ሰዋስዉ ነቀፌታ የለበትም። ይሁን እንጂ ከዋናው ጽሑፍ ጋር ስናመሳክረው፣ የመጀመሪያው «ጎማ» ብረቱንና ላስቲኩን በአንድነት፣ ሁለተኛው ብረቱን ብቻ፣ ሦስተኛው መኪናው ከፋብሪካ ይዞት የወጣውን ሙሉ እግር፣ አራተኛው ደግሞ ላስቲኩን ብቻ የሚያመለክት ሆኖ አገኘነው። አራት ነገሮች በአንድ ቃል ተጠርተዋል ማለት ነው። ይህን መምሪያ ተከትሎ ወደ ገበያ የወጣ ሰው ምን ገዝቶ እንደሚመለስ መገመት አያዳግትም።

ጥፋቱን በተርጓሚው ላይ ብቻ መጫን አይገባም። ተርጓሚው የያዘው አብዛኛው ሰው የሚናገረውን ቃል ነው። በዚህ ጽሑፍ ለማሳየት የምንሞክረውም ችግሩ ከየት እንደ መጣ፣ ቋንቋው የት ላይ በቂ ስያሜ እንዳለውና የት ላይ እንደሚጐድለው ነው።

1. የመጽሐፉ ቃል

መንኮራኩር ጥንታዊ ቃል ነው። በግእዝ መንኰራኵር ሲሆን፣ «አንኰርኰረ» ከሚለው፣ ማንከባለልን ከሚያመለክተው ግስ ጋር የተዛመደ ነው። ሊቃውንት ቃሉን የሚያውቁት በተለይ ከነቢዩ ሕዝቅኤል ራእይ ነው። በአገራችን ግን ለብዙ ዘመን ጭነት የተጓዘው በሰው ትከሻና በአጋሰስ ጀርባ ስለ ነበር፣ ቃሉ ከመጽሐፍ ወጥቶ በየቀኑ ሥራ ላይ የሚውልበት ሁኔታ አልተፈጠረም። ዐፄ ቴዎድሮስ በጋፋት ያሠሩትን ሴባስቶፖል የተባለውን መድፍ በ1860 ዓ.ም. ወደ መቅደላ ሲያስጉዙ መንገድ እያስጠረጉ መሄድ ግድ እንደ ሆነባቸው የታወቀ ነው። መንገድ በሌለበት አገር ደግሞ የመንኮራኩር ክፍሎች ስያሜ ሊዳብር አይችልም።

የመጀመሪያው አውቶሞቢል ለዐፄ ምኒልክ አዲስ አበባ የደረሰው በ1900 ዓ.ም. ነው፤ ያመጣውም ቤድ ቤንትሌይ የተባለ እንግሊዛዊ ነበር። በዚያ ዘመን የውጭው ዓለም በር ጅቡቲ ስለ ነበረች፣ ከመጓጓዣ ጋር የተያያዙት ቃላት በብዛት የገቡት ከፈረንሳይኛ ነው፤ «ሾፌር» እና «ለገሃር» የዚያ ጊዜ ቅርሶች ናቸው። መንኮራኩር ለመኪናው እግር መጠሪያ ሆኖ ሊጸና ይችል የነበረው በዚህ ወቅት ነበር፤ አልጸናም። ኋላም ሰው ወደ ጠፈር መውጣት ሲጀምር ጋዜጠኞች ቃሉን ለጠፈር መጓጓዣ አዋሉት። ዛሬ መንኮራኩር ሲባል የብዙ ሰው አሳብ የሚሄደው ወደ ሰማይ ነው።

2. የጋራዡ ቃላት

በ1928 ዓ.ም. የጀመረው የጣሊያን ወረራ እስከ 1933 ዓ.ም. ሲቆይ ብዙ የጭነት መኪናና ብዙ መካኒክ ይዞ ገብቷል። ከነጻነት በኋላም ከጣሊያኖቹ መካኒኮች በአገሪቱ የቀሩ ነበሩ። በአሥመራና በአዲስ አበባ ጋራዦች ከእነርሱ ጋር የሠሩ ወጣቶች ሙያውንና ቃሉን አብረው ተማሩ። ለዚህ ነው የመኪና አካላት ስያሜ በአመዛኙ ጣሊያንኛ የሆነው። «መኪና» ራሱ፣ ከእርሱም ጋር ፍሬን፣ ፍሪሲዮን፣ ካንዴላ፣ ባሌስትራ፣ ኮፋኖ፣ ፓራፋንጎ፣ ካቻቢቴ ሁሉ ከዚያ የመጡ ናቸው።

እግሩን በሚመለከት ደግሞ የጋራዡ ሰው የሚለያቸው አካላት እነዚህ ናቸው፤

ሀ) ጎማ፤ ላስቲኩ ነው። በጣሊያንኛ «ጎማ» ቁሱንም ከቁሱ የተሠራውንም ዕቃ ይጠራል፤ አማርኛም ሁለቱን ፍቺዎች አብሮ ተዋሰ።

ለ) ካላማዳሪያ፤ በጎማው ውስጥ ነፋስ የሚይዘው ከረጢት ነው። በጣሊያንኛ «የነፋስ ክፍል» የሚል ሐረግ ሲሆን፣ በእኛ ዘንድ አንድ የማይከፈል ቃል ሆኗል።

ሐ) ቸርኬ፤ ጎማው የሚለብሰው ብረት ነው። ምንጩ «ቀለበት» ወይም «ክብ» የሚል ፍቺ ያለው ቃል ነው። የተወሰደው በብዙ ቁጥሩ ይመስላል፤ አማርኛ ግን እንደ ነጠላ ቈጥሮ «ቸርኬዎች» ይላል።

መ) ሞዞ፤ ቸርኬው የሚያርፍበት የተሽከርካሪው ማዕከላዊ አካል ነው።

ሠ) ብሎንና ዳዶ፤ ብሎን ወንዱ፣ ዳዶ ሴቷ ናት። ዳዶ በጣሊያንኛ የመጫወቻ ዛርንም ይጠራል።

እንግዲህ የጋራዡ አማርኛ ድኻ አይደለም። በመግቢያችን የጠቀስነውን ዓረፍተ ነገር ያደኸየው ከጋራዥ ውጭ ያለው አነጋገራችን ነው። መንገድ ላይ የቀረ ሾፌር «ጎማ ልቀይር» ሲል ሙሉውን እግር ማለቱ ነው፤ ክፍል በሙሉው፣ ሙሉውም በክፍሉ ሲጠራ በሌላም ቋንቋ ይታያል። ለዕለት ንግግርም ይበቃል። ለመምሪያ ግን አይበቃም።

አንዳንድ ባልንጀሮቻችን እነዚህ ቃላት የወረራ ቅሪት ናቸው፤ በአገር ቃል ሊተኩ ይገባል ይላሉ። ስሜታቸውን እንረዳለን። እኛም በወጣትነታችን ከዚህ ወገን ነበርን፤ ባዘጋጀነው አንድ የሙያ ቃላት ዝርዝር ላይ በቸርኬ ፈንታ «መንኮራኩር» ብለን ጽፈን ነበር። ዝርዝሩን ለማስተያየት ወደ አንድ አዛውንት ጎሚስታ ይዘን ስንሄድ፣ እኒያ ሰው መነጽራቸውን አድርገው ካነበቡ በኋላ፣ «ልጄ፣ መንኮራኩር ወደ ጨረቃ የሚሄደው ነው፤ እኔ ጋ ያለው ቸርኬ ነው» አሉን። ከዚያን ቀን ወዲህ አንድን ነባር ቃል ለመተካት ከመነሣታችን በፊት፣ በቃሉ እንጀራውን የሚበላውን ሰው መጠየቅ ልማዳችን ሆኗል። ቃሉን የሚያስከብረው የትውልድ አገሩ ብቻ አይደለም፤ የሠራበት ዘመንም ነው።

3. «ገባ» እና «ገጠመ»

ችግሩ በስያሜ ብቻ የሚቀር እንዳልሆነ ለማስረዳት፣ ትክክለኛ ቅያሪ ቸርኬ የሚመረጥበትን መንገድ በአጭሩ መመልከት ያስፈልጋል።

ጎማ ሻጩ የሚጠይቀው አብዛኛውን ጊዜ አንድ ቍጥር ነው፤ «አሥራ ሦስት ነው አሥራ አራት?» ይላል። ይህ ጎማው የሚቀመጥበት የቸርኬው ዲያሜትር በኢንች ሲሆን ከጎማው ቍጥር ጋር አንድ መሆን አለበት። በቸርኬው ላይ «5½ጄ × 13» የሚል ጽሑፍ ቢገኝ፣ አምስት ተኩል የወርዱ ኢንች፣ ጄ የጠርዙ ቅርጽ፣ አሥራ ሦስት ዲያሜትሩ ነው። ነገር ግን ይህ ሁሉ ቸርኬው ከጎማው ጋር መስማማቱን እንጂ ከመኪናው ጋር መስማማቱን አያሳይም። ለዚያ ሌሎች ልኮች አሉ።

የመጀመሪያው የብሎኖቹ ክብ ነው። በብሎኖቹ ቀዳዳዎች መካከለኛ ነጥቦች ላይ የሚያልፍ ክብ ቢሣል ዲያሜትሩ ስንት ነው ማለት ነው። ቀዳዳዎቹ አራት ከሆኑ በቀጥታ ከአንዱ ወደ ትይዩው ይለካል። አምስት ከሆኑ ትይዩ ስለሌላቸው፣ የሁለት ጐረቤታሞች ርቀት ከመካከል እስከ መካከል ተለክቶ በ1.701 ይባዛል። ቀደም ያሉት የቮልስዋገን ጥንዚዛዎች አምስት ብሎን በ205 ሚሊሜትር ክብ ላይ ነበራቸው፤ እ.ኤ.አ. ከ1968 ሞዴል ጀምሮ ግን በብዙዎቹ ላይ አራት ብሎን በ130 ሚሊሜትር ሆነ። ለብዙ ዓመታት የአዲስ አበባ ታክሲ ሆና ያገለገለችው ላዳ ከፊያት 124 የተወለደች ስለ ሆነች እንደ እናቷ በ98 ሚሊሜትር ክብ ላይ አራት ብሎን አላት። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ የተሠራው ኮሮላ ደግሞ አራቱን በ100 ሚሊሜትር፣ እ.ኤ.አ. በ1980 የተሠራው ኮሮላ በ114.3 ሚሊሜትር ይይዛል። ስሙ አንድ ነው፤ ልኩ ግን ሌላ ነው።

98 እና 100 ለዓይን አንድ ናቸው። እያንዳንዱ ቀዳዳ ከቦታው የሚዛነፈው በአንድ ሚሊሜትር ብቻ ስለ ሆነ፣ በጉልበት ሲጠበቅ ብሎኑ ወይም ዳዶው ይይዝ ይሆናል። ነገር ግን ሾጣጣው ራሱ በመቀመጫው ላይ ሙሉ ለሙሉ አያርፍም፤ በአንድ ጐኑ ብቻ ይነክሳል። መኪናው ሲሄድ እየተንቀጠቀጠ ይላላል፤ ውሎ አድሮም እግሩ ሊወልቅ ይችላል። በጋራዥ ቋንቋ «ገባ» ማለትና «ገጠመ» ማለት የሚለያዩት እዚህ ላይ ነው።

ሁለተኛው በቸርኬው መካከል ያለው ቀዳዳ ነው። ከሞዞው ከጠበበ አይገባም፤ ከሰፋ ደግሞ ቸርኬውን መካከሉን ጠብቆ የሚይዘው የብሎኖቹ ወይም የዳዶዎቹ ሾጣጣነት ብቻ ይሆናል። የላዳ ቸርኬ ቀዳዳ 58 ሚሊሜትር ተኩል ገደማ ሲሆን፣ የ1990ዎቹ ኮሮላ 54 ሚሊሜትር ገደማ ነው። ለዚህ ልዩነት በመካከል የሚገባ ቀለበት አለ፤ የብሎን ክብ ልዩነትን ግን ቀለበት አያቃናውም።

ሦስተኛው ጀርመኖች «አይንፕሬስቲፈ» ብለው የሚጠሩት፣ በቸርኬም ላይ በሁለት ፊደል «ኢ.ቲ.» ተብሎ የሚጻፈው ልክ ነው። ቃል በቃል «ወደ ውስጥ የተጫነበት ጥልቀት» ማለት ነው። ቸርኬው ሞዞውን የሚነካበት ገጽ ከወርዱ አጋማሽ ስንት ሚሊሜትር እንደ ራቀ ይነግረናል። 35 የነበረው በ20 ቢለወጥ እግሩ 15 ሚሊሜትር ወደ ውጭ ይወጣል፤ ጎማው ፓራፋንጎ ሊነካ፣ በሞዞው ውስጥ ያለው ኩሽኔታም ያልታሰበለትን ጫና ሊሸከም ይችላል። ልኩ ሳይለወጥ ወርዱ ብቻ በአንድ ኢንች ቢጨምር ደግሞ እግሩ በሁለቱም ወገን 12.7 ሚሊሜትር ይሰፋል።

አራተኛው የመያዣዎቹ ዓይነት ነው። ላዳና ጥንዚዛ ብሎኑን ከውጭ ወደ ውስጥ ያስገባሉ፤ ኮሮላ ግን ብሎኑ ከሞዞው ላይ ተተክሎ የቀረ ስለ ሆነ የሚፈታው ዳዶው ነው። ለብረት ቸርኬ የተሠራ ሾጣጣ ዳዶ፣ ባለ ጠፍጣፋ መቀመጫ ለሆነው የአሉሚኒየም ቸርኬ አይሆንም። «የጎማ ብሎን» ብሎ በደፈናው የተረጐመ መምሪያ ይህን ሁሉ ያጠፋዋል።

4. የሚመዘገብና የሚፈጠር

ከላይ የተመለከትነው ወደ ሁለት ውሳኔ ይመራናል። አንደኛ፣ ጋራዡ የለያቸውን አካላት መዝገበ ቃላት አንድ ላይ ሊያቀልጣቸው አይገባም። ጎማ ለላስቲኩ፣ ቸርኬ ለብረቱ፣ ሞዞ ለማዕከሉ ይመዝገብ። ለሙሉው፣ ጎማና ቸርኬ በአንድነት ሲሆኑ፣ «እግር» የሚለውን እንመርጣለን። «ባለ ሁለት እግር»፣ «ባለ ሦስት እግር» እያለ ሕዝቡ በራሱ ሲቈጥር ኖሯልና አዲስ አይሆንበትም።

ሁለተኛ፣ መፍጠር የሚያስፈልገው ስያሜ በሌለበት ብቻ ነው። ለመጀመሪያው ልክ «የብሎን ክብ»፣ ለሁለተኛው «የእምብርት ቀዳዳ»፣ በሞዞ ላይ ተተክሎ ለሚቀረው ደግሞ በትክል ድንጋይ አምሳያ «ትክል ብሎን» እንላለን። ለሦስተኛው ልክ «ፈቀቅታ» የሚለውን እናቀርባለን። ከፍ አለ፣ ከፍታ፤ ዝም አለ፣ ዝምታ፤ ፈገግ አለ፣ ፈገግታ በሚለው መንገድ ፈቀቅ አለ፣ ፈቀቅታ ይሆናል። እርባታው ነባር ነው፤ ፍቺውም ከነገሩ አይርቅም፤ ገጹ ከአጋማሹ ፈቀቅ ብሏልና። ቃሉን ለአንድ ወጣት ጎሚስታ ሳናብራራ «የዚህ ቸርኬ ፈቀቅታ ስንት ነው?» ብለን ጠየቅነው። ጥቂት አሰበና መዳፉን ወደ ውስጥና ወደ ውጭ እያንቀሳቀሰ፣ «ጋሼ፣ መግባት መውጣቱን ነው?» አለን። ከዚህ የተሻለ ምስክር አልፈለግንም።

ማጠቃለያ

በመግቢያችን የጠቀስነው ዓረፍተ ነገር በዚህ መሠረት ሲታረም እንዲህ ይሆናል፤ «ቅያሪ እግር ሲገጠም የቸርኬው ወርድ፣ የብሎን ክቡ፣ የእምብርት ቀዳዳውና ፈቀቅታው ከነባሩ ቸርኬ ጋር አንድ መሆናቸው፣ ቸርኬውም ለጎማው የሚስማማ መሆኑ ይረጋገጥ።» ከቀድሞው ይረዝማል፤ ግን ይህን የያዘ ሰው ሻጩን ምን ብሎ እንደሚጠይቅ ያውቃል።

በመዝገበ ቃላትና በትርጕም ሥራ ላይ ያለን ሰዎች ብዙ ጊዜ የምንረካው ቃሉ በዓረፍተ ነገሩ ውስጥ ሲገባልን ነው። ያ መምሪያም በዚያ ሚዛን ቢመዘን ያለ አንዳች እርማት ባለፈ ነበር። ባለ ጋራዡ ግን ብሎኑ ስለ ገባለት ብቻ ደንበኛውን አያሰናብትም፤ መግጠሙን አይቶ ነው። እኛም ቃሉ ሥራ ላይ በሚውልበት ስፍራ ሄደን ሳናይ ዝርዝራችንን ለማተሚያ ቤት ባንሰጥ መልካም ነው።