ሂጆሰን ኖ ኦና (ፊልም)

«ሂጆሰን ኖ ኦና» (በግርድፉ «የፖሊስ ከበባዋ ሴት») በ1933 እ.ኤ.አ. (1925 ዓ.ም.) ለዕይታ የበቃ የጃፓን ድምፅ አልባ የወንጀል ፊልም ነው። ዳይሬክተሩ ያሱጂሮ ኦዙ፣ የፊልም ጽሑፉ ደራሲ ታዳኦ ኢኬዳ፣ ያሠራው ድርጅት ደግሞ ሾቺኩ ነው። ኦዙ መነሻ ታሪኩን ያቀረበው «ጄምስ ማኪ» በሚል የብዕር ስም ነው።

ታሪክ፦ ቶኪኮ (ኪኑዮ ታናካ) ቀን በንግድ ድርጅት ታይፒስት ሆና ትሠራለች፤ ማታ ደግሞ የወሮበሎች አለቃ የሆነው የቀድሞ ቦክሰኛ ጆጂ (ጆጂ ኦካ) ጓደኛ ናት። ሂሮሺ የተባለ ተማሪ ከቡድኑ ይቀላቀላል። እህቱ ካዙኮ የሙዚቃ ሸክላ መሸጫ ሱቅ ሠራተኛ ናት፤ ሂሮሺም ከዚያው ሱቅ ገንዘብ ይሰርቃል። ቶኪኮና ጆጂ ጉድለቱን ሊሞሉለት፣ ከዚያም ወንጀልን ሊተዉ አስበው የቶኪኮን አሠሪ በገዛ ቢሮው በሽጉጥ አስፈራርተው ይዘርፋሉ። ፖሊስ ሲከባቸው ቶኪኮ ማምለጥን ትታ እጅ መስጠትን ትመርጣለች፤ ጆጂ አሻፈረኝ ሲል እግሩን ተኩሳ ታስቀረዋለች።

ዘመኑ፦ ጃፓን በ1931 እ.ኤ.አ. ድምፅ ያለው ፊልም ብትጀምርም ድምፅ አልባው ገና አልቀረም ነበር። «ቤንሺ» የሚባሉ ተራኪዎች ከስክሪኑ አጠገብ ቆመው ታሪኩን ለተመልካቹ ያሰሙ ነበር።

ፋይዳው፦ ፊልሙ ምስጢርን ከመፍታት ይልቅ ጥፋተኛው እንዴት እንደሚመለስ ይመረምራል። ኦዙ በ1953 እ.ኤ.አ. «የቶኪዮ ታሪክ»ን ሠራ፤ በዚያው ዓመት ታናካም የራሷን የመጀመሪያ ፊልም ዳይሬክት አደረገች።