ዘውዱና የፊልም ካሜራው

ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ንጉሥ ተፈሪ መኮንን ‹‹ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ›› ተብለው አዲስ አበባ በቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ዘውድ ሲጭኑ፣ ከመሳፍንቱና ከመኳንንቱ ሌላ የፊልም ካሜራም ተገኝቶ ነበር። የእንግሊዝ ንጉሥ ልጅ የግሎስተር መስፍን፣ የጣልያኑ የኡዲኔ ልዑልና የፈረንሳዩ ማርሻል ፍራንሼ ዴስፔሬ በእንግድነት መጥተዋል። ካሜራው እነርሱን ብቻ ተከትሎ የመጣ ሊመስለን ይችላል። እኔ ግን ቤተ መንግሥቱም አስቦበታል ባይ ነኝ።

ንጉሡ ገና አልጋ ወራሽ ሳሉ በ1916 ዓ.ም. አውሮፓን ሲጎበኙ የዜና ፊልም አንሺዎች ተከታትለዋቸዋል። በዚያው ዓመት ኢትዮጵያ የመንግሥታት ማኅበር አባል ሆናለች። የፊልም ጥቅም ያኔውኑ ሳይገባቸው አይቀርም። አዲስ አበባ ላይ ሕዝቡ ሲኒማ ቤቱን ‹‹የሰይጣን ቤት›› ሲለው፣ ግቢው ለካሜራ በሩን ከፈተ! በ1926 ዓ.ም. የስዊዙ አብራሪ ዋልተር ሚትልሆልዘር ለንጉሠ ነገሥቱ የፎከር አውሮፕላን ሲያመጣም ካሜራ ይዞ ነበር፤ ከጉዞው ፊልም ሠርቶበታል።

የዚያን ጊዜ ፊልም በቀላሉ እሳት የሚይዝ ነበር። 120 ሜትር ጥቅል በድምፅ ፊልም ፍጥነት ከ4 ደቂቃ ተኩል አያልፍም። ስለዚህ አንሺው መምረጥ አለበት። የሚመርጠውም የሚሸጥለትን ነው፤ ነጋዴ ስለሆንኩ ይህ አያስደንቀኝም። የመስፍኑ ስም ይጻፋል፤ የጃንጥላ ያዡ፣ የበቅሎ ሳቢው፣ የዘበኛው ስም ግን አይጻፍም።

ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. ጣልያን አዲስ አበባ ሲገባ ደግሞ ‹‹ሉቼ›› የተባለው የመንግሥቱ ፊልም ድርጅት የድል ፊልም ያነሣ ነበር። ሁለት ወር ሳይሞላ፣ ሰኔ 23 ቀን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ጄኔቭ ላይ ሲናገሩ የጣልያን ጋዜጠኞች በፉጨት ረበሿቸው። ይህም በፊልም ቀርቷል። የፋሺስቱ ካሜራ የደበቀውን ሌላው ካሜራ አሳየ።

በ2006 ዓ.ም. ብሪቲሽ ፓቴ የተባለው ድርጅት 85,000 ያህል አሮጌ ፊልሞቹን በዩቲዩብ ለቀቀ። ከነዚህ ውስጥ የኛም ሀገር አለበት። ሱቄ ውስጥ በስልክ ከፍቼ ሳሳይ አንዲት እናት ከሰልፉ መካከል አንዱን ሰው አይተው፣ ‹‹አጎቴ ነው፤ አካሄዱን አውቀዋለሁ›› አሉ። ሦስት ጊዜ አስመለሱኝ። ስሙን በወረቀት ጽፈን የታየበትን ደቂቃ ጨመርንበት።

በየቤታችሁ ያሉ አረጋውያንንም አሳዩአቸው። የሚያውቁት ፊት ካለ ስሙንና ደቂቃውን ጽፋችሁ ለማኅበሩ ጸሐፊ ስጡ።