የፈረሰኛው ልብና ናላ

በየዓመቱ ጥር 23 ቀን የአገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓሉን በእንጅባራ ያከብራል። ማኅበሩ የተመሠረተው በ1932 ዓ.ም. ጠላት ገና ከአገር ሳይወጣ ሲሆን፥ የሚያስበውም በዓድዋም ሆነ በአምስቱ ዓመት የአርበኝነት ዘመን ከጌታው ጋር የዘመተውንና የወደቀውን ፈረስ ነው። የዓድዋ ድል የተገኘው የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በቅዱስ ጊዮርጊስ ዕለት ነበር፤ ጥር 23ም የዚያው የባለ ፈረሱ ሰማዕት ወርኃዊ መታሰቢያ ነው።

በቀደመው ዘመን ፈረስና ጌታው ምን ያህል እንደ አንድ ይቈጠሩ እንደ ነበር ከስማቸው ይታወቃል። የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት አባ ጠና፥ ዐፄ ምኒልክ አባ ዳኘው፥ ራስ አሉላ አባ ነጋ ይባሉ ነበር። መኰንኑ መንገዱን በበቅሎ እየሄደ ፈረሱን ባዶውን ያስስብ የነበረው ለጦርነቱ ሰዓት ጉልበቱን ይቆጥብ ዘንድ ነው። ስለ ግላሱ፥ ስለ ጋሻውና ስለ በዓሉ ድምቀት ግን ብዙ ስለ ተነገረ እኛ በዛሬው ጽሑፋችን ሌላ ነገር ልናነሣ ወደድን። ይኸውም ፈረሰኛው ጉግስ ሲጫወት አሳቡንና እጁን የሚገዛለት ምን እንደ ሆነ፥ ይህንንም ለማወቅ የሰው ልጅ ስንት ዘመን እንደ ፈጀበት ነው።

ጉግስ ከዳር ቆሞ ለሚያየው ሰው ሩጫ ይመስላል። ተጫዋቹ ግን በአንዲት ደቂቃ ውስጥ የሚሠራውን ሥራ ብንዘረዝረው እንደነቃለን። ዛቡን ይይዛል፤ በእርካቡ ላይ ሚዛኑን ይጠብቃል፤ ከኋላው የሚመጣውን ኮቴ በጆሮው ይለካል፤ በትሩ የሚወረወርበትን ጊዜ ገምቶ ጋሻውን ወደ ጀርባው ያዞራል። አሳዳጁም በበኩሉ ክንዱን አንሥቶ ሳለ መወርወሩን ያቆየዋል። እኛ እንደሚመስለን የጨዋታው ከባድ ነገር መወርወሩ ሳይሆን ይህ ማቆየቱ ነው። ጀማሪ ዓይኑን ከልጓሙ ላይ ሳይነቅል ባላጋራው ያመልጠዋል፤ የሠለጠነው ግን ኮርቻ ላይ መቀመጡን ራሱን ረስቶት ባላጋራውን ብቻ ይመለከታል።

ይህን ሁሉ ሥራ ቋንቋችን የሰጠው ለልብ ነው። «ልብ በል» እንላለን፤ «ልቡ ሸፈተ»፥ «ልበ ቢስ» እንላለን። ናላ ግን የሚነሣው አብዛኛውን ጊዜ «ናላዬ ዞረ» ሲባል ብቻ ነው፤ ምስጋናው ለልብ፥ ሕመሙ ለናላ ተከፍሏል ማለት ነው! በዚህም ብቻችንን አይደለንም። የጥንት ግብፃውያን ሬሳ ሲያደርቁ ልብን በክብር አስቀምጠው አንጎልን አውጥተው ይጥሉት ነበር። የግሪኩ ፈላስፋ አሪስጣጣሊስም አንጎል ደምን ለማቀዝቀዝ ያህል የተሠራ ነው ብሎ ያስተምር ነበር።

ይሁን እንጂ ቁስልን የሚያክም ሰው ከፈላስፋው ቀድሞ አይቶ ኖሯል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1600 ገደማ የተገለበጠ አንድ የግብፅ የፓፒሩስ ጽሑፍ፥ የራስ ቅሉ የተመታ ሰው እግሩን እየጎተተ እንደሚሄድ ይገልጻል። በሁለተኛው ምእት ዓመት ጋሌኖስ የተባለው ሐኪም በሮማ ሕዝብ ፊት የሚጮኽን አሳማ የድምፅ ነርቭ ቈርጦ ዝም አሰኘው፤ ትእዛዝ ከአንጎል በነርቭ በኩል እንደሚወርድ በዚህ አስረዳ።

ከዚያ ወዲህ ያለውን ረጅም ዘመን አልፈን ወደ 19ኛው ምእት ዓመት እንምጣ። (ከዚህ በታች ያሉት የውጭ አገር ዓመታት በአውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።) በ1870 ፍሪችና ሂትሲግ የተባሉ ሁለት ጀርመናውያን የውሻን አንጎል በጥቂት የኤሌክትሪክ ኃይል ቢነኩ፥ በተነካው አንጻር በሌላው ወገን ያለው እግር ተንቀሳቀሰ። በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ጊዜም ጎርደን ሆምስ የተባለው አየርላንዳዊ ሐኪም ከማጅራት በላይ የሚገኘው ትንሹ አንጎል የቈሰለባቸውን ወታደሮች መረመረ። ከነዚህ አንዱ፥ የደኅናው ወገን እጁ ሳያስብበት ሲሠራለት፥ የታመመው ወገን እጁ ግን እያንዳንዱን እንቅስቃሴ አስቦ ካልሆነ እንደማይታዘዝለት ተናገረ። በጀማሪውና በሠለጠነው ጉግስ ተጫዋች መካከል ያለው ልዩነት ከዚህ ጋር ይመሳሰላል። መልመድ ማለት በመጀመሪያ በብዙ አሳብ ይሠራ የነበረው ሥራ ለትንሹ አንጎልና በጥልቀት ላሉት ሌሎች የአንጎል ክፍሎች እየተላለፈ፥ አሳብ ለባላጋራው ነጻ መሆኑ ነው።

ማቀድና ራስን መግታት፥ ያንንም አንሥቶ የቆየ ክንድ መያዝ፥ በይበልጥ ከግንባር በስተኋላ ያለው የአንጎል ክፍል ሥራ ነው። ሉሪያ የተባለው ሩሲያዊ ሊቅ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በዚህ ክፍል ላይ የቈሰሉ ሰዎችን ሲመረምር አንድ አስገራሚ ነገር አገኘ። «እጅህን አንሣ» ሲባሉ ትእዛዙን በቃላቸው በትክክል ይደግሙታል፤ እጃቸው ግን አይነሣም። ቃሉን ማወቅና ሥራውን መፈጸም ሁለት ነገር ሆነው ተለያዩ።

የዚህ ክፍል ታሪክ ሲነሣ በየትምህርት ቤቱ የሚጠቀሰው አሜሪካዊው ፊንያስ ጌጅ ነው። በመስከረም 1848 በቬርሞንት የባቡር ሐዲድ ሲሠራ፥ ርዝመቱ ከ1 ሜትር የሚበልጥ፥ ክብደቱ 6 ኪሎ የሆነ ብረት በፈንጂ ተወንጭፎ በጉንጩ ገብቶ በዐናቱ ወጣ። ሰውየው ግን አልሞተም፤ ተናገረ፥ ተራመደም። ሐኪሙ ሃርሎ በ1868 እንደ ጻፈው፥ የቀድሞው ብልህ አለቃ ብዙ ዕቅድ እያወጣ አንዱንም ሳይፈጽም የሚተው፥ ለጓደኞቹም ሌላ ሰው የሆነባቸው ሆነ። ብዙዎቹ መምህራን ትረካውን እዚህ ላይ ያቆማሉ፤ ለእኛ ለፈረስ አገር ሰዎች ግን ዋናው ነገር የሚቀጥለው ነው። ጌጅ በ1852 ወደ ቺሌ ሄዶ ሰባት ዓመት ያህል ፈረስ እየቀለበ፥ ብዙ ጊዜም በስድስት ፈረስ የሚጎተት ሠረገላ እየነዳ ኖረ። የስድስት ፈረስ ዛብ መያዝ ዕቅድና ትዕግሥት ለሌለው ሰው የሚሆን ሥራ አይደለም። ስለዚህም በኋላ ታሪኩን የመረመሩ ሰዎች ጌጅ ብዙ እንደ ዳነ፥ ለመዳኑም በየቀኑ የማይለወጠው የሥራ ሥርዓት ሳይረዳው እንዳልቀረ ያምናሉ።

ይህን ነገር ከሩቅ አገር ያመጣነው ለወሬ ብቻ አይደለም። በፈረስ አገር መውደቅ ያለ ነገር ነው። የወደቀው ሰው ይነሣል፤ እግሩና እጁ ይታያል፤ ከተናገረና ከተራመደ «ተረፈ» ይባላል። ከወራት በኋላ እርሻ ጀምሮ ሲተው፥ ቀጠሮ ሲያፈርስ፥ በትንሹ ሲቈጣ ግን የፈረሱን ነገር የሚያስታውስ የለም። ሰነፈ ይባላል፤ ልቡን ጣለ ይባላል፤ ሚስቱም ጎረቤቶቹም ይቀየሙታል። ልብ የሚለው ቃላችን እዚህ ላይ ይፈርድበታል፤ በልብ የሚታማ ሰው ጥፋተኛ እንጂ ቁስለኛ አይመስልምና። ወደ ጠበል መወሰዱን አንነቅፍም፤ ሐኪምም ይየው እንላለን። በዳንግላም ሆነ በእንጅባራ ያለ መምህር፥ ቀድሞ ትጉህ የነበረ ተማሪ የጀመረውን መጨረስ ሲያቅተው ከመቅጣቱ በፊት «ከፈረስ ወድቀህ ታውቃለህን?» ብሎ ቢጠይቅ የሚከስረው ነገር የለም። ለአንድ ጸሓፊ አለቃ የሆነ ሹምም እንዲሁ።

አባቶቻችን የራስ ቁር የሚለውን ቃል ያውቁት ነበር። በዛሬው በዓል ፈረሱ በግላስና በመርገፍ ያጌጣል፤ የብዙው ፈረሰኛ ራስ ግን ከመውደቅ የሚጠብቀው ነገር ሳይኖር ይጋልባል። ለወጣቶቹ ጋላቢዎች ጠንካራ የራስ ቁር ማልበስ የበዓሉን ወግ የሚያጎድል አይመስለንም፤ በላዩ ላይ የወደዱትን ጌጥ ማሰር ይቻላልና። ለወደቀውም፥ ቤተ ሰቡ ከመንደሩ ፈረሶች ለአንዱ ጠዋት ጠዋት በተወሰነ ሰዓት እንዲቀልብና ውኃ እንዲያጠጣ ቢያደርገው፥ ሥራውንም በየቀኑ ሳይለዋውጥ በዚያው ተራ ቢሰጠው፥ በቺሌ መንገድ ላይ የተደረገውን በቅርብ መሞከር ነው።