ሳሞ ሀንግ፦ ከብሩስ ሊ ጋር የተፋለመው ወፍራሙ ሰውዬ ማነው?

«ኢንተር ዘ ድራገን»ን ያየ ሰው ፊልሙ ሲጀምር ብሩስ ሊ በቁምጣ የሚገጥመውን ወፍራም ወጣት ያስታውሰዋል። «ኢፕ ማን 2»ን ያየ ደግሞ ጠረጴዛ ላይ ወጥቶ ከዶኒ የን ጋር የሚፋለመውን ጎልማሳ ማስተር አይረሳም። ሁለቱ አንድ ሰው ናቸው፤ ሳሞ ሀንግ። የመጀመሪያው ፊልም የወጣው በ1973 ነው፣ ሁለተኛው በ2010። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው።)

ሳሞ በ1952 ሆንግ ኮንግ ተወለደ። ሴት አያቱ ራሳቸው የማርሻል አርት ፊልም ተዋናይት ነበሩ። በ9 ዓመቱ የመምህር ዩ ጂም ዩን የፔኪንግ ኦፔራ ትምህርት ቤት ገባ። ኦፔራ ሲባል ዘፈን ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ አክሮባትም፣ መገለባበጥም፣ የሰይፍና የጦር ፍልሚያም አለበት። ልጆቹ እዚያው ያድራሉ፣ በእጃቸው ተዘቅዝቀው ለረጅም ሰዓት ይቆማሉ፣ ያጠፋ በዱላ ይገረፋል። ጃኪ ቻንና ዩን ቢያዎ አብረውት ያደጉት እዚህ ነው። በዕድሜ ስለሚበልጣቸው አለቃቸው እሱ ነበር። ሆንግ ኮንግ ውስጥ ጃኪ «ታላቅ ወንድም» ሲባል ሳሞ «የታላቅ ወንድም ታላቅ» ይባላል። በኛ የጋሼዎች ጋሼ በሉት።

በ16 ዓመቱ ገደማ ጉዳት ደርሶበት ለረጅም ጊዜ አልጋ ላይ ዋለ። የወፈረው ያኔ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን አክሽን ፊልም እዚህ ላይ ያበቃ ነበር። እሱ ግን ውፍረቱን እንጀራው አደረገው። ተመልካቹ «ይሄ ደግሞ ምን ሊሠራ ነው?» ብሎ ሲስቅ፣ ሰውዬው አየር ላይ ተገልብጦ በእግሩ ያርፋል።

ሥራ የጀመረው ዋና ተዋናዮችን ተክቶ በመውደቅና በመመታት ነው። ከዚያ ፍልሚያ አቀናባሪ ሆነ፤ ማን ማንን እንዴት እንደሚመታ፣ ካሜራው የት ቆሞ እንደሚያይ የሚወስነው ሰው ማለት ነው። በ1977 የመጀመሪያ ፊልሙን ዳይሬክት አደረገ። በ1978 ብሩስ ሊን የሚያመልክ የገጠር አሳማ አርቢ ሆኖ ተወነ። በ1980 ኩንግ ፉን ከመናፍስትና ከኮሜዲ ጋር የቀላቀለ ፊልም ሠርቶ፣ በኋላ ለተከተሉት የቻይና ቫምፓየር ፊልሞች መንገድ ከፈተ። በ1984 ጃኪንና ዩን ቢያዎን ይዞ ስፔን፣ ባርሴሎና ሄዶ «ዊልስ ኦን ሚልስ»ን ቀረጸ። ጃኪ ከቤኒ ኡርኪዴዝ ጋር የሚፋለምበትን ትዕይንት ፈልጋችሁ እዩት፣ አትጸጸቱም። በዚያው ዓመት አንዲት ጀማሪ ተዋናይትን በመጀመሪያ ፊልሟ ያሳያትም እሱ ነው። ሚሼል ዮ ትባላለች፤ በ2023 ኦስካር ወሰደች።

ለኔ ግን ትልቁ ሥራው ብዙም ፍልሚያ የሌለበት ነው። በ1988 በወጣው «ፔይንትድ ፌስስ» ሳሞ የተጫወተው ያንኑ በዱላ ያሳደገውን መምህር ነው። ታሪኩ የራሳቸው የልጅነት ታሪክ ነው፤ ትንሹ ሳሞም ትንሹ ጃኪም ፊልሙ ውስጥ አሉ። የሚገርመው መምህሩን ጭራቅ አላደረጋቸውም። ዱላቸውን ግን አልደበቀም። ኦፔራ የሚያይ ሰው እየጠፋ፣ ሕይወታቸውን የሰጡለት ሙያ ዓይናቸው እያየ ሲሞት ያሳያቸዋል። በዚህ ፊልም የሆንግ ኮንግ ፊልም ሽልማትን በምርጥ ተዋናይነት ወሰደ። የተገረፈ ልጅ አድጎ የገራፊውን ልብስ ሲለብስ ማየት ከብዙ የቡጢ ትዕይንት ይከብዳል።

በ1998 አሜሪካ ሄዶ «ማርሻል ሎው» በሚባል የቲቪ ተከታታይ ፊልም ዋና ተዋናይ ሆነ፤ ሁለት ሲዝን ቆየ። እንግሊዝኛው ብዙም ስላልነበር ሥራውን ያቀለለለት አይመስለኝም።

ከተመለሰ በኋላ ስንት ዘመን ያሳቀን ሰውዬ በ2005 «ኤስፒኤል» ላይ ጨካኝ የማፊያ አለቃ ሆኖ ብቅ አለ። የመጀመሪያዎቹን ሁለት «ኢፕ ማን» ፊልሞች ፍልሚያ ያቀናበረው እሱ ነው፤ በሁለቱም ተሸልሟል። ሁለተኛው ላይ ሲተውን በ2009 የልብ ቀዶ ሕክምና ያደረገ ሰው ነበር። እንደዚያም ሆኖ ፍልሚያውን ራሱ ሠራው።

በ2024 የሆንግ ኮንግ ፊልም ሽልማት የሕይወት ዘመን ሽልማት ሰጠው። «በቃ፣ ጡረታ ወጣ» ያለ ካለ ተሳስቷል፤ በዚያው ዓመት፣ በ72 ዓመቱ፣ «ትዋይላይት ኦፍ ዘ ዋሪየርስ» ላይ የወንበዴዎች አለቃ ሆኖ ሰው ሲደበድብ ታይቷል። ከየት ልጀምር ለምትሉ፦ ለሳቅ «ዊልስ ኦን ሚልስ»፣ ለፍልሚያ «ኢፕ ማን 2»። «ፔይንትድ ፌስስ»ን ስልካችሁን ዝም አሰኝታችሁ ብቻችሁን እዩት።