የተናደደው ጋጋሪ ወይስ እርሾው?

የቦስተኑ ፓርከር ሃውስ ሆቴል በስሙ የሚጠራ ትንሽ ዳቦ አለው። ሆቴሉን ሃርቪ ፓርከር የተባለ ሰው እ.ኤ.አ. በ1855 ከፈተው፤ ዳቦው ዝና ያገኘው ግን ከዚያ ዘግይቶ ነው። በወተትና በቅቤ የሚቦካ፣ እንደ ኪስ የሚታጠፍ፣ ከትሪው ሲላቀቅ ጎኑ እንደ ጥጥ የሚሳሳብ የራት ዳቦ ነው። ስለ አፈጣጠሩ የሚነገረው ወሬ አጭር ነው፤ እንግዳ ያስቀየመው ጋጋሪ በንዴት ሊጡን እያነሣ ምድጃ ውስጥ ወረወረው፤ ተጣጥፎ የወደቀው ሊጥም ይህን ልስላሴ ይዞ ወጣ ይባላል። ወሬው ይጥማል፤ የዳቦው አሠራር ግን አይደግፈውም። ፋኒ ፋርመር በ1896 ባሳተመችው የቦስተን የምግብ ዝግጅት መጽሐፍ እንደሰፈረው ሊጡ ተዳምጦ በክብ በክብ ይቆረጣል፤ መሐሉ ዱቄት በነካ የቢላ እጀታ ይሠመራል፤ ግማሹ የቀለጠ ቅቤ ተቀብቶ ይታጠፋል፤ ጠርዙም ይጫናል። በመሐል ቅቤ የሚቀባ ሰው ሁለቱ ወገን ተጣብቀው እንዳይቀሩ አስቦበታል፤ የተናደደ እጅ ይህን አያደርግም። ወሬው እውነት ነው ብንል እንኳ፣ የተደፈጠጠን ሊጥ ምድጃ ውስጥ መልሶ ኩፍ ያደረገው ንዴት ሊሆን አይችልም። ለስላሳው የራት ዳቦ ከሆቴል ወጥቶ የየቤቱ ዳቦ ሊሆን የቻለው፣ ኃይሉ ከቀን ቀን የማይለዋወጥ የፋብሪካ እርሾ ስለተገኘ ነው ብዬ አምናለሁ።

ከዚያ በፊት የነበረው ኑሮ ለእኛ አንባቢ እንግዳ አይሆንም። ለእንጀራ ከቡኮው እርሾ ማስቀረትን፣ ሲያልቅም ከጎረቤት መዋስን እናውቃለን። የድሮዋ አሜሪካዊት የቤት እመቤትም እርሾ የምታገኘው ከዚያው ከጎረቤት ወይም ከቢራ ጠማቂ ነበር። አሚሊያ ሲመንስ በ1796 ባሳተመችው የምግብ መጽሐፍ ውስጥ «ኤምፕቲንስ» የሚባል የቤት እርሾ አዘገጃጀት አለ። ስሙ የመጣው በርሜሉ ሲራገፍ ከሥር ከሚቀረው የቢራ ዝቃጭ፣ እኛ አተላ ከምንለው ነገር ነው። ሆፕስ በውሃ ይፈላል (ሆፕስ ለቢራ፣ ጌሾ ለጠላ እንደማለት ነው)፤ ውሃው ተጠልሎ በዱቄት ይወፍራል፤ ከቀድሞው እርሾ ጥቂት ይጨመርበትና በጠርሙስ ይቀመጣል። እንዲህ ያለው እርሾ በብርድ ይተኛል፣ በሙቀት ይኮመጥጣል፤ ዛሬ በአንድ ሌሊት ያነሣውን ሊጥ ነገ ጨርሶ ላያነሣው ይችላል። ሲመንስ በዚያው መጽሐፍ ለአንዳንድ ጣፋጭ ብስኩቶች ከእንጨት አመድ የሚነጠረውንና በእርሾ ፈንታ ሊጥ የሚያነሣውን ፐርል አሽ ማዘዟ፣ ሴቶቹ ከዚህ ጭንቀት የሚያሳርፋቸውን ነገር ይፈልጉ እንደነበር የሚያሳይ ይመስለኛል።

መፍትሔው የመጣው ከቪየና ነው። የቢራ ጠማቂዎች ላገር ወደሚባለው የቢራ ዓይነት ሲዞሩ የከተማዋ ጋጋሪዎች ችግር ላይ ወደቁ፤ የላገር እርሾ እንደ ቀድሞው በቢራው አናት አይንሳፈፍም፣ ከሥር ይዘቅጣል፤ ለሊጥም የለመዱትን ያህል አይመችም። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ለዳቦ የሚሆነውን እርሾ ለብቻው ከእህል ድፍድፍ ላይ አራብቶ፣ አጥቦና ጨምቆ እንደ ሳሙና ቁራጭ መሸጥ ተጀመረ። በ1860 ሉዊ ፓስተር የአልኮል መብላላት የሕያው እርሾ ሥራ መሆኑን የሚያስረዳውን ጥናቱን አወጣ። በ1868 ደግሞ ከኦስትሪያ ግዛት የሄደው ቻርልስ ፍላይሽማን፣ ከወንድሙ ከማክሲሚሊያንና ከጄምስ ጋፍ ጋር ሲንሲናቲ ውስጥ የተጨመቀ እርሾ ማምረት ጀመረ። በ1876ቱ የፊላደልፊያ ኤግዚቢሽን በከፈቱት የቪየና ዳቦ ቤት ጎብኚው ሊጡ ሲነሣ በዓይኑ እያየ ትኩስ ዳቦ በቡና ይቀርብለት ነበር፤ ኤግዚቢሽኑን ያየው ሰው ወደ 10 ሚሊዮን ይጠጋል። ሃያ ዓመት ቆይቶ በወጣው የፋርመር መጽሐፍ የዚህ ውጤት በግልጽ ይነበባል፤ 2 ኩባያ ወተት፣ 3 የሾርባ ማንኪያ ቅቤ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፣ በሩብ ኩባያ ለብ ያለ ውሃ የሟሟ 1 ቁራጭ እርሾ። ይህች «1 ቁራጭ» ትልቅ ነገር ናት። ቦስተን ያለችውም ሆነ ቺካጎ ያለችው ሴት የምትገዛው እርሾ ተመሳሳይ ካልሆነ እንዲህ ብሎ መጻፍ አይቻልም። የፋርመር ዝነኛ ጥንቃቄ፣ ማንኪያውን በቢላ ጠርዝ እኩል አድርጎ መለካት፣ እርሾው ራሱ ካልተለካ ለዳቦ ብዙም አይፈይድም ነበር።

ልስላሴው የወተቱና የቅቤው እንጂ የእርሾው አይደለም የሚል ይኖራል። ግማሽ እውነት አለው። ቅቤ የሊጡን መረብ ያላላል፣ ወተትና ስኳር ቅርፊቱን ያቀላሉ። ነገር ግን ስኳር ሲበዛ እርሾው የሚፈልገውን ውሃ ይሻማዋል፣ ቅቤም ሊጡን ያከብደዋል፤ ደካማ እርሾ እንዲህ ያለውን ሊጥ ተሸክሞ አይነሣም። ከዚህ የሚከብደው መቃወሚያ የፓሪስ ነው፤ በዚያ ከተማ ወተት የገባበት ለስላሳ ዳቦ ፓርከር ሃውስ ከመከፈቱ ሁለት መቶ ዓመት ቀድሞ ይበላ ነበር። እውነት ነው፤ የሚያነሣውም የቢራ እርሾ ነበር። ታዲያ ይህ እርሾ ከፍላንደርስና ከፒካርዲ ድረስ እየመጣ በመንገድ ስለሚበላሽ፣ በ1668 የፓሪስ የሕክምና ፋኩልቲ ጤና ይጎዳል ብሎ ፈረደበት፤ በ1670 ደግሞ የፓሪስ ፓርላማ፣ ማለትም የዚያን ጊዜው ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣ ትኩስና ከከተማዋ አካባቢ የተገኘ ከሆነ ይፈቀድ አለ። ሐኪምና ዳኛ የተሟገቱበት ዳቦ የተራ ሰው የዕለት ዳቦ ሊሆን አይችልም። ፓሪስ የጎደላት ወተት ወይም ቅቤ ሳይሆን የሚታመን እርሾ ነበር።

ጣዕምን በተመለከተ የሚነሣው ወቀሳ ግን ሙሉ በሙሉ የሚመለስ አይደለም። ሲልቬስተር ግራሃም ገና በ1837 ባሳተመው የዳቦ መጽሐፉ ዳቦ ከእናት እጅ ወጥቶ ለነጋዴ መሰጠቱን አምርሮ ተቃውሟል። በፋብሪካው እርሾ ላይ የሚነሣው ወቀሳ ደግሞ ይህ ነው፤ ብርቱ እርሾ ሊጡን ቶሎ ስለሚያነሣው፣ ቀስ ብሎ የሚመጣውን መዓዛና ጥቂት ኮምጣጣነት የሚሰጡት ረቂቅ ተሕዋስያን ጊዜ አያገኙም፤ የሁለት ሦስት ቀን እንጀራ ከአንድ ቀን እንጀራ እንዴት እንደሚለይ የሚያውቅ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ሆኖም ጥድፊያውን የሚያመጣው ጋጋሪው እንጂ እርሾው አይደለም። ፋርመር ራሷ ሊጡን ሦስት ጊዜ ታስነሣዋለች፤ መጀመሪያ በቀጭኑ ተመቶ፣ ቀጥሎ ቀሪው ዱቄት ገብቶ ሲታሽ፣ በመጨረሻም ተቆርጦና ታጥፎ ትሪ ላይ ከተደረደረ በኋላ። ከዚያ ወዲያ በጋለ ምድጃ የሚቆየው ከ12 እስከ 15 ደቂቃ ብቻ ነው።